ሰዳጁ የት ገባ? የስደት ትረካዎቻችን ከቱርሚ ሲነበቡ

ላለፉት ጥቂት ዓመታት የተማሪዎቼን የፈጠራ ጽሑፍ ሳርም አንድ ዓይነት ታሪክ ደጋግሞ ገጥሞኛል። አንድ ወጣት ከደላላ ጋር ይተዋወቃል፤ ደላላው ያባብለዋል፤ ወጣቱ ቤተሰቡን ሳይሰናበት በሌሊት ይወጣል፤ በረሓ ያቋርጣል፤ ጓደኛው በውሃ ጥም ይሞትበታል፤ እርሱም በመጨረሻ ወይ በባሕር፣ ወይ በጭነት መኪና ውስጥ፣ ወይ በእስር ቤት ያልቃል። ከሞት የተረፈ እንደሆነ ደግሞ አገሩ ተመልሶ መለወጥ የሚቻለው በአገር ሠርቶ ነው የሚል ንግግር ያደርጋል። የገጸ ባሕርያቱ ስም ይለያያል፤ በረሓው አንዴ የሊቢያ፣ አንዴ የየመን ይሆናል፤ ትልሙ ግን አንድ ነው። የመጀመሪያዎቹን ሐዘን እየተሰማኝ አነበብኳቸው። እየቆየ ግን ሐዘኔ ደነዘዘና በምትኩ አንድ የሙያ ጥርጣሬ አደረብኝ። በዚህ ጽሑፍ ለመግለጽ የምሞክረው ያንን ጥርጣሬ ነው።

ነገሩ ባጭሩ ይህ ነው፤ የስደት ትረካዎቻችን የሚጀምሩት ከመንገድ ነው። ከመንገድ የሚጀምር ታሪክ ደግሞ ቤቱን አያሳይም። ልጁ ከየትኛው ቤት ወጣ? የመንገዱ ገንዘብ ከየት መጣ? በሬውን ማን ሸጠው? እርሱ ከሄደ በኋላ ያንን ማሳ ማን አረሰው? «የሕገወጥ ስደት ማኅበራዊና ኢኮኖሚያዊ ጠንቅ» የሚል ርእስ በየዐውደ ጥናቱ ሲነገር እንሰማለን። ማኅበራዊውም ሆነ ኢኮኖሚያዊው ነገር የሚፈጸመው ግን እቤት ውስጥ ነው። ታሪኮቻችን ትልማቸውን ከቤት ሳይሆን ከማስጠንቀቂያ ፖስተር የተዋሱ ይመስለኛል።

አንባቢ እንዳይሳሳትብኝ፤ የመንገዱን ሞት አሳንሼ ማየቴ አይደለም። በሰኔ 2004 ዓ.ም. ታንዛንያ ውስጥ በዶዶማ አካባቢ ከ40 የሚበልጡ ወገኖቻችን በጭነት መኪና ውስጥ ታፍነው ሞተው ተገኝተዋል። መጋቢት 15 ቀን 2012 ዓ.ም. በሞዛምቢክ ቴቴ ግዛት በአንድ ኮንቴይነር ውስጥ የ64 ኢትዮጵያውያን አስከሬን ተገኘ፤ ከውስጡ በሕይወት የወጡት 14 ብቻ ነበሩ። በጥቅምት 2015 ዓ.ም. ማላዊ ውስጥ ምዚምባ በተባለ ቦታ የጅምላ መቃብር ተገኘ፤ በዚያው ዓመት ታኅሣሥ 2 ቀን ደግሞ ከሉሳካ ወጣ ብሎ የ27 ሰዎች አስከሬን መንገድ ዳር ተጥሎ ተገኘ። እነዚህ ሁሉ በደቡቡ መንገድ፣ በሞያሌ አድርጎ ወደ ደቡብ አፍሪካ በሚወስደው መሥመር ላይ የደረሱ ናቸው። ሞቱ እውነት ነው። ጥያቄዬ ልቦለድ ከዜናው ቀጥሎ ምን ይጨምራል የሚል ነው። ዜናው አስከሬኑን ቆጥሮ ነግሮናል። ደራሲው ያንኑ አስከሬን መልሶ ቢቆጥርልን ምን አተረፍን?

እስቲ ቃሉን እንመልከተው። ስደት የወጣው ሰደደ ከሚለው ግሥ ነው። ሰደደ ማለት ላከ፣ አባረረ፣ ለቀቀ ማለት ነው። ዛፍ ሥር ይሰዳል፤ እሳት ሲለቀቅ ሰደድ ይባላል፤ አባት ልጁን ወደ ቆሎ ትምህርት ቤት ይሰድዳል። ተሰደደ የሚለው ከዚህ የተገኘ ተደራጊ ግሥ ነው፤ ተደራጊ ግሥ ደግሞ አድራጊውን ይደብቃል። ማን ሰደደው? በጥንቱ የስደት ትረካችን መልሱ ግልጽ ነበር። በየዓመቱ በጽጌ ወር የምናስበው የእመቤታችን ስደት ሰዳጁ ሄሮድስ ነው፤ ወደ አክሱም የመጡት የነቢዩ ተከታዮች ሰዳጆች የቁረይሽ ሹማምንት ናቸው። በዘመናችን ታሪኮች ግን ያ ቦታ ባዶ ሆኗል። ባዶ ቦታ ስለማይወደድ ደላላው ተቀመጠበት። እኔ እንደምገምተው ደላላው እውነተኛው ሰዳጅ አይደለም፤ ወደ እርሱ ኋላ እመለስበታለሁ።

የአማርኛ ልቦለድ ይህን ጉዳይ መያዝ አያውቅም እንዳይባል ደግሞ ከ1958 ዓ.ም. ጀምሮ በእጃችን ያለው «ፍቅር እስከ መቃብር» አለ። ይህን ልቦለድ የስደት መጽሐፍ ብሎ የሚያነበው ሰው ጥቂት ነው። ይሁን እንጂ ሁለቱም ዋና ገጸ ባሕርያት ያለ ፈቃድ ከቤት ወጥተው ወደ አዲስ አበባ የሚሄዱ ሰዎች ናቸው፤ በዛብህ ሸሽቶ፣ ሰብለ ወንጌል የመነኩሴ ልብስ ለብሳ። በመንገድ ላይ ሽፍታ አለ፤ ጥቃት አለ፤ በመጨረሻም ሞት አለ። የተማሪዎቼ ታሪክ የያዛቸው ነገሮች ሁሉ እዚያ ተሟልተዋል። ልዩነቱ ሐዲስ ዓለማየሁ መንገዱን ከመጀመራቸው በፊት ቤቱን መሥራታቸው ነው፤ ያውም በብዙ መቶ ገጽ። የፊታውራሪ መሸሻን ግቢ፣ የገባሩንና የባላባቱን ጠብ፣ ባል ጠፍቶ ሳይሆን የሚመጥን ዘር ጠፍቶ የሰብለ ዕድሜ እያለፈ መሄዱን፣ ይህን ሁሉ ካየን በኋላ ሰብለ በሌሊት ስትወጣ ማን አባበላት ብሎ የሚጠይቅ አንባቢ የለም። ቤቱ ራሱ ሰደዳት።

የበዛብህ ነገር ደግሞ ከዚህም ይረቃል። ቦጋለ መብራቱና ውድነሽ በጣሙ ልጃቸው ገና ሕፃን ሳለ በሥጋት ተይዘው ለቤተ ክርስቲያን ተሳሉት። ልጁ ያላሰረውን ስእለት፣ ያልተበደረውን ዕዳ ተሸክሞ አደገ። ከማንኩሳ ያስወጣው ትምህርት ከዚያ ዕዳ ጋር የተያያዘ ነው፤ ፍቅር ሲይዘው የሚያሠቃየውም ያው ዕዳ ነው። ይህን ገጽ ባስተማርኩ ቁጥር በሐዲያና በከምባታ መንደሮች ቤተሰብ መክሮና ጸልዮ «አንተ ትሄዳለህ» ብሎ የሚመርጠው ልጅ ይታወሰኛል። ወላጆቹ ክፉ አይደሉም፤ ቦጋለና ውድነሽም ክፉ አልነበሩም።

ወደ ቱርሚ የሄድኩት ግን ስለ ስደት ላጠና አልነበረም። ሥነ ቃል ለመሰብሰብ ከጂንካ ተነሥተን በቀይ አፈርና በዲመካ አድርገን ሰኞ ገበያ ለመድረስ ነበር አሳባችን። በቦርሳዬ የፍቅረማርቆስ ደስታን «ከቡስካ በስተጀርባ»ን ይዤ ነበር፤ ተማሪዎቹ ደግሞ «ኢቫንጋዲ»ንና «የዘርሲዎች ፍቅር»ን። የቡስካን ተራራ እያዩ እነዚህን መጻሕፍት ማንበብ ትልቅ ደስታ አለው፤ ሐመርን ለአማርኛ አንባቢ ያስተዋወቀ ደራሲ ምስጋና ይገባዋል። እዚያው ቁጭ ብዬ ሳነብ ግን ከዚያ በፊት ያላየሁት ነገር ታየኝ። ካርለት ከባሕር ማዶ መጥታ በሐመር መካከል ስትኖር ማንም እንደ ጥፋተኛ ለምን መጣሽ አይላትም። መምጣቷ የታሪኩ ሞተር ነው፤ ድንበር ማለፏ ዕውቀት ይባላል፣ ፍቅር ይባላል። በሌላው አቅጣጫ፣ ከእኛ ወደ እነርሱ የሚያልፈው ሰው ታሪክ ግን በፖሊስ መዝገብ ቋንቋ ነው የሚጻፈው። ከውጭ የገባው መንገደኛ የልቦለድ ሰው ሲሆን ከውስጥ የወጣው የዐውደ ጥናት ርእስ የሆነው እንዴት ነው?

ስለ ድንበር ካነሣን ቱርሚ ጥሩ ቦታ ነው። ወደ ምዕራብ ኦሞራቴ፣ የዳሰነች አገር አለ፤ ከዚያ ወዲያ ኬንያ ነው። ያንን መሥመር በ1907 እ.ኤ.አ. የተስማሙበት የዳግማዊ ምኒልክና የእንግሊዝ መንግሥታት ናቸው፤ ከብቱና እረኛው አልተጠየቁም። ዝናብ ሲጠፋ አርብቶ አደሩ ሣር ወዳለበት ይሄዳል፤ ሲዘንብ ይመለሳል። መሄዱን ስደት ብሎ የጠራው ሰው አላጋጠመኝም።

በከተማይቱ ውስጥ ሱቅና ምግብ ቤት የያዘው አብዛኛው ሰው ከሌላ ቦታ የመጣ ነው። ከገበያው ፊት ለፊት ምሳ የበላንበትን ቤት የምታስተዳድረው ሴትም ትውልዷ ከሆሳዕና አካባቢ ነው። ውጭ የሐመር ሴቶች ቅቤና ማሽላቸውን ይዘው፣ ሌሎቹ የቡና ገለፈት ለመግዛት እየተከራከሩ ሳለ እርሷ ከማቀዝቀዣ ለስላሳ አውጥታ እያቀረበችልን «ይህን የገዛልኝ ደቡብ አፍሪካ ያለው ወንድሜ ነው» አለች። እኔም የልማድ ነገር ሆኖብኝ «ማን ወሰደው?» ብዬ ጠየቅኋት። በዐይነ ልቡናዬ ደላላ ነበር የሚታየኝ።

«ማንም አልወሰደውም መምህር» አለችኝ። «እኔ ነኝ የሰደድኩት።»

ቀጥላ የነገረችኝን በተቻለኝ መጠን ቅደም ተከተሉን ጠብቄ አሠፍራለሁ፤ የሚያስገርመው ቅደም ተከተሉ ነውና። የጀመረችው ከመሬቱ ነው። ስምንት ልጆች ናቸው፤ የአባቷ ማሳ ከእንሰቱ ጓሮ ጋር ተደምሮ ለሁለት ቤት አይበቃም። እርሷ ቀድማ ወጥታ በጂንካ በሰው ቤት ሠራች፤ ከዚያ ቱርሚ መጥታ ሻይ ማፍላት ጀመረች። እቁብ ገባች። እቁቡ ሲወጣላት ሁለት ነገር ነበር ከፊቷ፤ ቤቱን ማስፋት ወይም ወንድሟን መላክ። አባቷ በሬዎቹን ሸጡ፤ አጎቷ አበደሩ፤ ጉድለቱን እርሷ ሞላች። ይህን ስትተርክ ቡና ተፈልቶ ሁለተኛው ደርሷል። መንገዱ ላይ ስትደርስ ግን «በሞያሌ አለፈ፣ ታንዛንያ ታሰረ፣ ተፈታና ደረሰ» ብላ ባንድ ትንፋሽ ዘለለችው። እንደገና ረጅሙ ትረካ መጣ፤ ዕዳው ስንት ዓመት እንደፈጀ፣ ወንድሟ «ሎኬሽን» በሚሉት የጥቁሮች ሠፈር ብርድ ልብስ ተሸክሞ በዱቤ እየሸጠ እንዴት እንደጀመረ፣ ለአባትዬው ቆርቆሮ ቤት እንደተሠራ፣ በሬ ስለሌለና ወንድ ልጅ ስለሌለ ማሳው በቀን ሠራተኛ እንደሚታረስ፣ ትንሹ ወንድም ከአሥረኛ ክፍል አቋርጦ ተራዬን ላኩኝ እያለ እንደሚቀመጥ።

በተማሪዎቼ ታሪክ ከአራቱ እጅ ሦስቱ መንገድ ነው። በእርሷ ታሪክ መንገዱ አንድ ዐረፍተ ነገር ነው። የትረካን ፍጥነት ስናስተምር ተራኪው የሚዘገይበት ቦታ ክብደት የሚሰጠው ቦታ ነው እንላለን። ይህች ሴት የሥነ ጽሑፍ ትምህርት የላትም፤ ክብደቱ የት እንዳለ ግን ታውቃለች።

መጨረሻው ደግሞ ጨርሶ መጨረሻ አልነበረም። በግንቦት 2000 ዓ.ም. በደቡብ አፍሪካ በተነሣው የመጤ ጠል ሁከት ከ60 የሚበልጡ ሰዎች መገደላቸው ይታወሳል፤ በ2007 ዓ.ም.ም ተደግሟል። ከዚያ ወዲህም ሱቅ መዝረፍ አልቆመም። የወንድሟም ሱቅ ተዘርፏል። ደውሎ ልምጣ ወይ ብሏታል። «ና እንዳልለው የትንሹ መላኪያ ከእርሱ ነው የሚጠበቀው፤ አባቴም ታመዋል። ቆይ እንዳልለው አንድ ቀን ቢገድሉትስ? ስልኩን ሳላነሣ ሦስት ቀን ሆነኝ» አለች። ሂሳባችንን ተቀብላ ወደ ጓዳ ገባች። እኔ የማውቀው አንድም የስደት ልቦለድ ይህን ያልተነሣ ስልክ አልጻፈውም።

በነገራችን ላይ ሆሳዕናዎች የራሳቸው የስደት ትረካ አላቸው፤ ዓይነቱም ትንቢት ነው። በ1990ዎቹ ዓ.ም. መጀመሪያ ከውጭ የመጣ አንድ ሰባኪ እግዚአብሔር ለአካባቢው ሰው የደቡብን በር እንደሚከፍት ተናግሮ ነበር ይባላል፤ ብዙ ሰው የጉዞውን ዘመን ከዚያ ቀን ይቆጥራል። ትንቢቱን ማመን አለማመን የእኔ ሥራ አይደለም። ለሐያሲ የሚጠቅመው ይህ ትረካ ምን ያህል የተሟላ እንደሆነ ማየት ነው፤ ጠሪ አለው፣ ተጠሪ አለው፣ በር አለው፣ በከተማይቱ የሚታየው ፎቅ ምስክር ሆኖ ይቆምለታል። በእንዲህ ያለ ትረካ ውስጥ ያደገን ወጣት የሟች ፎቶግራፍ ባለበት ፖስተር እንመልሰዋለን ማለት ዘበት ነው። ሁለቱ ጽሑፎች አይነጋገሩም።

አሁን ወደ ደላላው ልመለስ። በታሪኮቻችን ደላላ ጥቁር መነጽር ያደርጋል፤ ወፍራም ነው፤ ይስቃል። ሕጉ ከልቦለዱ የተሻለ ጠንቃቃ መሆኑ ያስደንቃል። አዋጅ ቁጥር 909/2007ም ሆነ እርሱን የተካው አዋጅ ቁጥር 1178/2012 በሰው መነገድንና ሰውን በሕገወጥ መንገድ ድንበር ማሻገርን ሁለት የተለያዩ ወንጀሎች አድርገው ነው የሚያዩአቸው። አንዱ ሰውን ለብዝበዛ ዕቃ ማድረግ ነው፤ ሌላው ሊያልፍ የፈለገን ሰው በገንዘብ ማሳለፍ ነው። ልቦለዶቻችን ሁለቱን ባንድ መነጽር ከለሏቸው። በመንደር ያለው ደላላ ብዙውን ጊዜ የታወቀ ሰው ነው፤ የጎረቤት ልጅ ነው፤ በእድር አብሮ ይቀመጣል፤ ለቅሶ ይደርሳል፤ ያሻገረው ልጅ ሲሞት የሚያፍርበት ፊት አለው። እንዲህ ያለውን ሰው መጻፍ ከባድ ነው፤ ሴጣን መጻፍ ግን ቀላል ነው። ሴጣኑ ደግሞ ለቤተሰቡም፣ ለመንግሥትም፣ ለደራሲውም ይመቻል፤ ሁሉንም ነጻ ያወጣል።

እኔንም ጭምር። ይህን ሳልጽፍ ማለፍ ስለማይገባኝ ልናገረው። የእኅቴ ልጅ በ2003 ዓ.ም. ቤይሩት ስትሄድ የፓስፖርቱንና የአገናኙን ገንዘብ ግማሽ የከፈልኩት እኔ ነኝ። ያን ጊዜ እኅቴ ባሏ ሞቶባት ቤት ኪራይ አቅቷት ነበር፤ መከርን፤ ልጅቷ ዝም አለች፤ ዝምታዋን እሺታ አደረግነው። አራት ዓመት ሠርታ የእናቷን ቤት አሠራች፤ ታናሿን አስተማረች። ስትመለስ ምንም አልተረከችልንም። እስከ ዛሬም አልተረከችም። እርሷ ቤይሩት በነበረችበት በአንደኛው ዓመት ግን እኔ በአንድ የአጭር ልቦለድ ውድድር ዳኛ ሆኜ፣ ደላላው የሚረገምበትንና ልጅቷ ከፎቅ የምትወድቅበትን ታሪክ አንደኛ አውጥቻለሁ። በአስተያየቴ ላይ «ልብ የሚነካ» ብዬ መጻፌ ትዝ ይለኛል። ልቤን የነካው ታሪኩ ስለ እኔ ምንም አለማለቱ መሆኑን የተረዳሁት ቱርሚ ላይ ነው።

አንድ ባልደረባዬ ይህን አሳብ ሳነሣለት «እንግዲህ ወላጆችን እንክሰስ ልትል ነው?» ብሎኛል። አይደለም። ከ2006 ዓ.ም. ኅዳር ጀምሮ በጥቂት ወራት ውስጥ ከ160 ሺህ የሚበልጡ ሰዎች ከሳውዲ ዐረቢያ ሲመለሱ በየቤቱ የሆነውን ያየ ሰው ሰዳጅ የሚለውን ቃል ለክስ አይጠቀምበትም። ልጅ በባዶ እጁ ሲመለስ እናት ደስታዋንና ድንጋጤዋን ባንድ ፊት ላይ እንዴት እንደምትይዝ፣ አበዳሪው ለእንኳን ደህና መጣህ ሲመጣ ቤቱ እንዴት ዝም እንደሚል፣ ይህ የልቦለድ እንጂ የፍርድ ቤት ጉዳይ አይደለም። ሐዲስ ዓለማየሁ ለፊታውራሪ መሸሻ እንኳ ያልነፈጉትን ቦታ፣ ማለትም ከውስጥ መታየትን፣ እኛ በሬውን ለሸጠው አባት ለምን እንነፍገዋለን?

ደራሲዎቻችን ያልነኩት ሌላም ነገር አለ፤ ለቅሶው። ኮንቴይነሩ ውስጥ የታሪኩ ፍጻሜ የሚሆነው ሞት እቤት ሲደርስ መጀመሪያ ነው የሚሆነው። አስከሬኑ ይመጣ ይሆን? ካልመጣ ድንኳን ይተከላል? መርዶው በስልክ ከሆነ ማን ያረዳል? ሚስቱ ወጣት ናት፤ የሞተ መሆኑ ሳይረጋገጥ ታግባ ወይስ ትጠብቅ? በደቡቡ መሥመር የጠፋ ልጅ ያላት እናት በሌላ ሰው ለቅሶ ላይ የራሷን ልጅ ስም ጠርታ ስታለቅስ ሰምቻለሁ፤ ሙሾ አውራጇ ዜማውን ሳታቋርጥ ስሙን ተቀብላ አስገባችው። የሥነ ቃል ሰዎች ይህን መቅዳት ያለብን ይመስለኛል፤ ከመቅዳታችን በፊት ግን ፈቃድ መጠየቅ አለብን።

ከቱርሚ ከተመለስኩ በኋላ ያረምኩት የመጀመሪያ ጽሑፍ የአንድ የሦስተኛ ዓመት ተማሪ ነበር። ጎበዝ ልጅ ነው፤ ትውልዱም ከዚያው ከደቡብ ነው። ታሪኩ የሚጀምረው ከሞያሌ ነው። በአምስተኛው ገጽ ሁለት ሰው ሞቷል። በኅዳጉ ላይ ነጥብ ሳልሰጥ አንድ ጥያቄ ብቻ ጻፍኩበት፤ «በሬውን ማን ሸጠው?» ከሁለት ሳምንት በኋላ ቢሮዬ መጣ። ሃያ ሁለት ገጽ ይዟል፤ የተፈቀደው አሥራ አምስት ነው። «መምህር፣ ይቅርታ፤ ገጹ አልበቃ አለኝ» አለ። «አባትየው ገበያ ሄዶ ተመልሷል። ልጁ ግን ገና ከቤት አልወጣም።»